እምቦጭ ከአማዞን እስከ ጣና

እምቦጭ የሚለውን ስም ብዙዎቻችን የምናውቀው ከጣና ጋር ነው። በ2010 ዓ.ም. ግድም ወጣቶች ከየከተማው ተነሥተው፣ እስከ ወገባቸው ውሃ ውስጥ ገብተው አረሙን ሲነቅሉ የሚያሳዩ ፎቶግራፎች አገር ምድሩን አዳረሱ። ከዚያ በፊት ስለሆነው ግን በእጃችን ያለው ቁርጥራጭ ነው። አረሙ ጣና ላይ በይፋ ከመመዝገቡ 46 ዓመት ቀደም ብሎ ኢትዮጵያ ውስጥ፣ ቆቃ ላይ ታይቶ እንደነበር የሚያስታውስ ጥቂት ነው። ከዚያም በፊት ሌሎች አገሮች ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ታግለውት፣ የተሸነፉበትን መንገድ በሰነድ አስቀምጠው ነበር። ይህን ታሪክ ከመነሻው ተከትሎ ለሚያነብ ሰው አንድ ነገር ደጋግሞ ይታየዋል፤ እምቦጭ በየደረሰበት አገር የበረታው ሰው ያየው ውሃውን ከሸፈነ በኋላ ስለሆነ ነው። በትንሽነቱ የለዩትና መቆጣጠሩን የዘወትር ሥራ ያደረጉት ይዘውታል፤ የቀሩት አድጎ ሲጠብቃቸው ደርሰው ብዙ ገንዘብና ብዙ ጉልበት አፍስሰዋል። (ከዚህ በታች «ዓ.ም.» ያልተባለ ዓመት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

ከ1823 እስከ 1884፦ በአበባው የተወደደ ተክል

ተክሉ የደቡብ አሜሪካ፣ የአማዞን ተፋሰስ ተወላጅ ነው። ጀርመናዊው የዕፅዋት ተመራማሪ ካርል ፍሬድሪክ ፊሊፕ ፎን ማርቲየስ ከ1817 እስከ 1820 ብራዚልን ዞሮ ከተመለሰ በኋላ በ1823 ሳይንሳዊ ስምና መግለጫ ሰጠው። ያኔ የተገለጹት ምልክቶች ዛሬም አረሙን ለመለየት የሚያገለግሉ ናቸው። ቅጠሉ ክብ፣ ወፍራምና አብረቅራቂ ነው፤ የቅጠሉ አገዳ ከሥሩ ያበጠና በውስጡ አየር የታቆረበት በመሆኑ ተክሉ ሥር ሳይሰድ ውሃ ላይ ይንሳፈፋል። ሥሩ ጥቁር፣ እንደ ላባ የተበተነ ሆኖ ውሃ ውስጥ ይንጠለጠላል። አበባው ሐምራዊ ሲሆን ከስድስቱ ቅጠሎች የላይኛው መካከሉ ላይ ቢጫ ነጠብጣብ አለበት። ሌላው ተንሳፋፊ አረም፣ ቅጠሉ እንደ ጎመን የተዘረጋው፣ ይህ ያበጠ አገዳም ሐምራዊ አበባም የለውም፤ ስለዚህ ሁለቱን ለመለየት ባለሙያ መሆን አያስፈልግም። አንድ አሣ አጥማጅ መረቡ ላይ የተጣበቀችን አንዲት ችግኝ አንሥቶ አገዳዋን በጣቱ ቢጫን ማንነቷን ያውቃል።

እምቦጭ የሚራባው በሁለት መንገድ ሲሆን አስቸጋሪነቱም ከዚህ ይጀምራል። አንደኛው ከእናት ተክል በሚወጣ የጎን ቅርንጫፍ ነው፤ ሙቀትና ምግብ በተመቸው ውሃ ላይ በሁለት ሳምንት ገደማ ዕጥፍ ሊሆን ይችላል። በዚህ ስሌት 1 ሄክታር የሸፈነ አረም በ12 ሳምንት 64 ሄክታር ይሆናል ማለት ነው። ሁለተኛው በዘር ነው፤ ዘሩ ጭቃ ውስጥ ሰምጦ እስከ 20 ዓመት ሳይሞት ይቆያል፤ ውሃው ሸሽቶ ጭቃው ፀሐይ ሲያገኝም ይበቅላል። በትውልድ አገሩ ይህ ሁሉ ብርታት ልጓም ነበረው። ጎርፉ እየጠራረገ ወደ ባሕር ይወስደዋል፤ ከእሱ ጋር አብረው የኖሩ ነፍሳትና በሽታዎችም ይበሉታል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን አትክልተኞችና ሰብሳቢዎች ለአበባው ብለው ወደ አውሮፓና ወደ ሌሎች አህጉሮች ኩሬዎች ሲወስዱት ተክሉን ብቻ ወሰዱ፤ የሚበሉት ነፍሳት አማዞን ቀሩ። ከዚያ በኋላ የተከተለው ነገር ሁሉ በዚህ አንድ መለያየት ላይ የቆመ ነው።

ከ1884 እስከ 1910፦ ወንዞች ሲዘጉ

በአሜሪካ በሰፊው እንደሚተረከው እምቦጭ የገባው በ1884 በኒው ኦርሊንስ ከተማ በተከፈተው የጥጥ ኤግዚቢሽን ነው፤ ጎብኚዎች አበባውን ይዘው ሄደው በየግቢያቸው ኩሬ አኖሩት። በ1890 ገደማ ፍሎሪዳ ውስጥ ሴንት ጆንስ ወንዝ ገባ። በዚያ ወንዝ ላይ የእንፋሎት መርከቦች ይመላለሱ፣ ግንድ እየተንሳፈፈ ወደ መሰንጠቂያ ይሄድ ነበር። አሥር ዓመት ሳይሞላ መርከብ የሚያቆም፣ ግንድ የሚይዝ ምንጣፍ ሆነ። የአሜሪካ ኮንግረስ በ1899 ወንዞቹን የማጽዳቱን ኃላፊነት ለጦር ሠራዊቱ የምሕንድስና ክፍል ሰጠ። 

መሐንዲሶቹ መጀመሪያ አረሙን የሚጨፈልቅ ጀልባ ሞከሩ፤ አረሙ ከሚጨፈለቅበት ፍጥነት ይልቅ የሚያድግበት ፈጠነ። ቀጥለው አርሴኒክ የተባለውን መርዝ ረጩ። እርግጥ እምቦጩ ሞተ፤ ነገር ግን ወንዝ ዳር የሚግጡ ከብቶችም ሞቱ፤ በ1905 ኮንግረስ ፍሎሪዳ ውስጥ ይህ መርዝ እንዳይረጭ ከለከለ። የሉዊዚያናው እንደራሴ ሮበርት ብሩሳርድ በ1910 ያቀረበው ረቂቅ ሕግ ደግሞ ዛሬ ሲነበብ ያስገርማል፤ ከአፍሪካ ጉማሬ አምጥተን በሉዊዚያና ረግረግ እናርባ፣ አረሙን ይበላልናል፣ ሥጋውም የሥጋ እጥረታችንን ያቃልላል የሚል ነበር። ረቂቁ ሕግ ሆኖ አልወጣም። ሐሳቡን በሳቅ ማለፍ ግን ያሳስታል። ተክሉን የሚበላ ፍጡር መፈለግ በራሱ ትክክለኛ መንገድ ነበር፤ ስሕተቱ የተመረጠው ፍጡር ላይ ነው። ጉማሬ ሌሊት ከውሃ ወጥቶ የየብስ ሣር የሚግጥ እንስሳ ነው። ጣና የጉማሬዎች መኖሪያ ሆኖ ሳለ እምቦጭ ከመንሰራፋት አለመቆጠቡ ለዚህ በቂ ማስረጃ ነው። ትክክለኛው በላተኛ 5 ሚሊ ሜትር ገደማ የሚሆን ነቀዝ መሆኑ እስኪታወቅና ሥራ ላይ እስኪውል ገና 60 ዓመት ያህል ይቀር ነበር።

ከ1910 እስከ 1958፦ ወደ ናይል መጠጋት

አፍሪካ ውስጥ ተክሉ ቀድሞ የገባው ግብፅ ነው፤ በ1879 እና በ1892 መካከል፣ በከዲቭ ተውፊቅ ዘመን፣ በጌጥነት እንደመጣ ይነገራል። ደቡብ አፍሪካ ውስጥ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ታየ። በእስያ በኩል ቤንጋል ክፉኛ ተጎዳች፤ የሩዝ ማሳዎችን ሸፈነ፣ ሰውና ጁት የሚጓጓዝባቸውን የውሃ መንገዶች ዘጋ፤ በ1936 የእምቦጭ ሕግ እስከ ማውጣት ተደረሰ። ሕጉ ባለ ይዞታው በመሬቱና በውሃው ላይ ያለውን አረም እንዲያስወግድ ያስገድድ ነበር። እዚህ ላይ ከኋለኛው ታሪካችን ጋር የሚገናኝ ጉዳይ አለ። ተንሳፋፊ አረም የይዞታ ድንበር አያውቅም፤ ነፋስ ከጎረቤት ያመጣዋል። አንዱ ባለ መሬት ዛሬ ያጸዳው ውሃ በነጋታው በጎረቤቱ አረም ሊሞላ ይችላል። ግዴታውን ለእያንዳንዱ ሰው ብቻ መስጠት፣ የውሃውን አጠቃላይ ይዞታ የሚከታተል አካል ከሌለ፣ ጉልበት ያባክናል።

በ1950ዎቹ እምቦጭ በኮንጎ ወንዝ ተስፋፋ፤ በ1958 ግድም ደግሞ ሱዳን ውስጥ በነጭ ዓባይ ላይ በሰፊው ታየ። የሱዳን መንግሥት ፈጥኖ ተነሣ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የመጣውን 2,4-ዲ የተባለ ፀረ አረም ለብዙ ዓመታት አስረጨ፤ አረሙ ወደ ታች እንዳይወርድም የጀበል አውሊያን ግድብ እንደ ኬላ ተጠቀመበት። ወጪው ከዓመት ዓመት አላቋረጠም፤ አረሙም ከነጭ ዓባይ አልጠፋም። መድኃኒቱ ሳይሠራ ቀርቶ አይደለም፤ የተረጨው ምንጣፍ ይሞት ነበር። ነገር ግን የሞተው አረም እዚያው ውሃ ውስጥ ሰምጦ ሲበሰብስ የዓሣውን ኦክሲጅን ይጨርሳል፣ በሰውነቱ የያዘውን ምግብ መልሶ ለውሃው ይሰጣል፤ ከዳር ያመለጡት ጥቂት ተክሎችና ጭቃ ውስጥ ያለው ዘር ያንን ምግብ ይዘው እንደገና ይነሣሉ። ይህ ሁሉ የሚሆነው ደግሞ ኢትዮጵያን በሚያዋስነው ተፋሰስ ውስጥ ነበር፤ የባሮ ውሃ በሶባት በኩል ከዚያው ነጭ ዓባይ ይገናኛል፤ ውሎ አድሮም አረሙ በጋምቤላ ወንዞች ላይ ተመዘገበ።

ከ1965 እስከ 1989፦ ቆቃ ላይ ያልተደመጠው ምልክት

የቆቃ ግድብ የተመረቀው በ1960 ነው። ከበላዩ አዋሽ የአዲስ አበባን ፍሳሽ ከተሸከመው ከአቃቂ ወንዝ ጋር ተቀላቅሎ ይመጣል፤ ሞጆ ወንዝም ወደዚያው ይገባል። ከበታቹ የወንጂ ስኳር እርሻ ቦዮችና የውሃ ማጠራቀሚያዎች አሉ። የተገደበ፣ የሞቀና ምግብ የጠገበ ውሃ ማለት ነው፤ እምቦጭ የሚፈልገው ሁሉ ተሟልቶ ተቀመጠለት። ግድቡ ከተመረቀ 5 ዓመት ሳያልፍ፣ በ1965፣ አረሙ በቆቃና በአዋሽ ላይ ተመዘገበ። የኢትዮጵያ የእምቦጭ ታሪክ መነሻው ይህ ነው።

ያኔ የሆነውን መረዳት የሚገባን ለመውቀስ አይደለም። የስኳር እርሻው ቦዩ ሲዘጋበት ሠራተኛ አሰማርቶ ያስጠርግ ነበር፤ ችግሩ የእርሻው የውስጥ ጉዳይ ተደርጎ ተያዘ። በአገር ደረጃ «ይህ ተክል ወደ ሌላ ሐይቅ እንዳይሄድ ማን ይከታተላል?» የሚለው ጥያቄ ባለቤት አላገኘም። አንድ አረም በአንድ ግድብ ላይ ስላለ ነገ ሌላው ሐይቅ ላይ ይደርሳል ብሎ መገመት በዚያ ዘመን አስቸጋሪ ነበር የሚል ሰው ሊኖር ይችላል። ግን በ1965 የሱዳን ልምድ እዚሁ ጎረቤት ነበር፣ የአሜሪካውም ከ60 ዓመት በላይ ሆኖት ነበር። የጎደለው በእጅ ያለውን ዕውቀት ወደ ቋሚ ክትትል የሚለውጥ ተቋም ነው። ተክሉን መለየት ማለት ስሙን ማወቅ ብቻ ከሆነ በ1965 ለይተነዋል፤ መለየት ማለት ቀጥሎ የሚደርስበትን ቦታ አስቦ መጠበቅ ከሆነ ግን ጣናን ለ46 ዓመት ሳንጠብቀው ኖረናል።

በዚሁ ዘመን ሌላ ቦታ ሁለት ነገሮች ተለወጡ። የመጀመሪያው የነቀዞቹ መገኘት ነው። የአሜሪካ የግብርና መሥሪያ ቤት ተመራማሪዎች ወደ ተክሉ ትውልድ አህጉር ተመልሰው፣ ኒዮቼቲና የተባሉ ሁለት የነቀዝ ዝርያዎችን አጠኑ፤ ከእምቦጭ ሌላ ምግብ እንደማይሆናቸው ከፈተኑ በኋላ አንዱን በ1972፣ ሌላውን በ1974 ፍሎሪዳ ውስጥ ለቀቁ። ያደገው ነቀዝ ቅጠሉን ይፍቃል፤ ትሉ ያበጠውን አገዳ ቦርቡሮ ውሃ ያስገባበታል፤ ተክሉ መንሳፈፍ ያቅተውና ይሰምጣል። ሱዳን ነቀዞቹን በ1978 እና በ1979 ተቀበለች። ሁለተኛው ለውጥ የአስተዳደር ነው። ፍሎሪዳ በ1960ዎቹ መጀመሪያ 50,000 ሄክታር ገደማ እምቦጭ ነበረባት። በ1970ዎቹ አረሙ እስኪበዛ መጠበቅን ትታ ዓመቱን ሙሉ እየዞሩ ትንንሹን ማጥፋትን ሕጋዊ አሠራር አደረገች፤ የአረሙ ስፋት ከቀድሞው በጣም ትንሽ እጅ ሆነ፣ የሚረጨው መድኃኒትም አነሰ። ሳይቃጠል በቅጠል የሚለው ብሂላችን በሥራ ላይ ሲውል ይህን ይመስላል። አረሙ ግን ፍሎሪዳ ውስጥ ዛሬም አለ፤ ሥራው ለአንድ ሁለት ዓመት ቢቆም መልሶ ይሞላል።

ከ1989 እስከ 2000፦ ቪክቶሪያ የሰጠው ማስረጃና ክርክር

የቪክቶሪያ ሐይቅ ታሪክ ለእኛ ከሁሉም ይቀርባል። እምቦጭ ሐይቁ ላይ የታየው በ1989 ግድም ሲሆን ከሩዋንዳ በኩል የሚመጣው የካገራ ወንዝ ያለማቋረጥ ይመግበው ነበር። በ1998 ወደ 20,000 ሄክታር ደረሰ። ጀልባ ከወደብ መውጣት አቃተው፣ በኡጋንዳ የኦወን ፎልስ የኃይል ማመንጫ ተቸገረ፣ በኬንያ በኩል የዊናም ባሕረ ሰላጤ አሣ አጥማጆች ከሥራ ወጡ። ኡጋንዳ በ1995 መጨረሻ፣ ኬንያ በ1997 መጀመሪያ ነቀዞቹን ለቀቁ። አጥማጆች ራሳቸው ነቀዝ በማርባቱ ሥራ ተካፈሉ። በ1999 እና በ2000 ምንጣፉ በአብዛኛው ተበጣጥሶ ሰመጠ።

ይህን ድል ለነቀዞቹ ብቻ መስጠት ግን ተቃውሞ ገጥሞታል፤ ተቃውሞውም ክብደት አለው። በ1997 እና በ1998 የኤልኒኞ ዝናብ ሐይቁን አናውጦ፣ ሰማዩን አጥቁሮ ነበር፤ አንዳንድ ሳይንቲስቶች አረሙን ያደከመው ይህ የአየር ጠባይ ነው ብለው ተከራክረዋል። ሌሎቹ ደግሞ ነቀዝ ያልቦረቦረው ጤነኛ ምንጣፍ እንዲህ ባለ ማዕበል በቀላሉ አይፈርስም፣ ነቀዙ አዳክሞ ባያቆየው ኖሮ ማዕበሉ ብቻውን አይጥለውም አሉ። ሁለቱን ክርክሮች አንድ ላይ ሲያዩአቸው የሚጣሉ አይደሉም። ነቀዝ ሠርቶ ውጤት ለማሳየት ዓመታት ይፈጃል፤ ያንን ጊዜ አስቀድሞ የሰጠ ሐይቅ የተመቸ ወቅት ሲመጣ ይጠቀማል። ነቀዙን ያላሠማራ ሐይቅ ያው ዝናብ ሲመጣለት ምግብ የተሸከመ ጎርፍ ብቻ ያተርፋል። ዊናም ላይ ከ2006 በኋላ አረሙ ተመልሶ መምጣቱም የሚያስረዳው ይህንኑ ነው፤ ከከተማና ከእርሻ የሚገባው ናይትሮጅንና ፎስፈረስ አልቆመም ነበርና ተክሉ ነቀዙ ከሚበላው በላይ ያድግ ጀመር።

ከ2011 እስከ 2020፦ ጣና

ጣና ከ3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ስፋት ቢኖረውም ጥልቀቱ 14 ሜትር ገደማ ላይ ያበቃል። ዳር ዳሩ ጥልቀት የለውም፤ በተለይ በደምቢያና በፎገራ በኩል ውሃው በበጋ ወደ ኋላ ሲመለስ ባሕር ሸሽ የሚባለው ለም መሬት ይገለጣል፣ ገበሬውም ያርሰዋል። በሰሜን መገጭ፣ በምሥራቅ ርብና ጉማራ፣ በደቡብ ግልገል ዓባይ ይገቡበታል። መገጭ የጎንደር ከተማን ፍሳሽ ይዞ ይወርዳል፤ ርብና ጉማራ ከጉና አካባቢ የታጠበ አፈር ያመጣሉ። ፎገራ ላይ ሩዝ በተስፋፋባቸው አሥርተ ዓመታት ማዳበሪያው አብሮ በዛ። የሚመጣውን ደለልና ምግብ ያጠሩ የነበሩት የደንገልና የቄጠማ ረግረጎች ደግሞ እየታረሱ ተመናመኑ። ይህ ሁሉ የሆነው አረሙ ከመድረሱ በፊት ነው።

በ2004 ዓ.ም. መጀመሪያ፣ ማለትም በ2011፣ እምቦጭ በሰሜን ምሥራቅ ዳርቻ በመገጭ መግቢያ አካባቢ በይፋ ተመዘገበ። ከዚያ በደምቢያ፣ በጎንደር ዙሪያ፣ በሊቦ ከምከም፣ በፎገራና በደራ ዳርቻዎች ተስፋፋ። ሕዝቡን ለረጅም ጊዜ ያነጋገረው ግን «ማን አመጣው?» የሚለው ጥያቄ ነበር። ይህ ጥያቄ ከሰው ጥርጣሬና ከፖለቲካ ጋር ስለሚያያዝ ይማርካል፤ ለሐይቁ ግን የሚፈይደው ትንሽ ነው። አንዲት ችግኝ በመረብ፣ በጀልባ ወይም በወፍ እግር ልትመጣ ትችላለች፤ ይህን ሁሉ መዝጋት የሚችል አገር የለም። አንዲቷ ችግኝ ምንጣፍ የሆነችበትን ምክንያት ግን በመገጭና በርብ ውሃ ውስጥ ማየት ይቻላል፤ ሊሠራበትም ይቻላል።

ጉዳቱን የቀመሱት መጀመሪያ ዳርቻው ላይ ያሉት ናቸው። አሣ አጥማጁ መረቡን የሚዘረጋበት ጠፋ፤ ቆሮሶና አምባዛ የሚራቡበት ጥልቀት የሌለው ውሃ ተሸፈነ፤ ጣና ውስጥ ብቻ የሚገኙት የነጭ አሣ ዝርያዎችም ለመራባት የሚወጡባቸው የወንዝ መግቢያዎች ምንጣፉ የሚከማችባቸው ቦታዎች ናቸው። ክረምት ላይ ሐይቁ ሲሞላ አረሙ ሩዝ ማሳ ውስጥ ይገባል፤ ውሃው ሲመለስ ግጦሹ ላይ ተኝቶ ይቀራል። ሐይቁ በ2015 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራ ሆኖ ሲመዘገብ እምቦጩ አራተኛ ዓመቱን ይዞ ነበር።

ከ2010 ዓ.ም. ጀምሮ የተነሣው የሕዝብ ዘመቻ እውነተኛ ነበር፤ ክብርም ይገባዋል። ገበሬዎች በየሳምንቱ ነቀሉ፣ ዩኒቨርሲቲዎች ማሽን ሠሩ፣ በውጭ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ገንዘብ አዋጥተው ማጨጃ ገዝተው ላኩ፤ የአማራ ክልልም ለሐይቁ የተለየ ኤጀንሲ አቋቋመ። በጥቅምት 2013 ዓ.ም. ደግሞ የአንድ ወር ሰፊ ዘመቻ ተከፈተ። ሆኖም የአረሙ ስፋት ሲነገር ከጥቂት ሺህ እስከ 50,000 ሄክታር ይለያይ ነበር፤ አንዱ በአረም የተነካካውን ዳርቻ ሁሉ ሲቆጥር ሌላው በሳተላይት የታየውን አረንጓዴ ብቻ ይቆጥራል። አንድ ዓይነት መለኪያ ከዓመት ዓመት ሳይያዝ ዘመቻው ሠራ ወይም አልሠራም ማለት ያስቸግራል። ማሽኖቹም ጥልቀት በሌለው ውሃ ላይ መሬት ይነካሉ፤ አረሙ የሚበዛው ደግሞ እዚያው ነው። ዳር ላይ የተከመረው አረም ወደ ራቀ ቦታ ካልተወሰደ በክረምት ሙላት መልሶ ሐይቅ ይገባል።

በእጅ መንቀል ከንቱ ነው የሚለው ድምዳሜ ግን ከዚህ አይወጣም። ጊዜውና መጠኑ ወሳኝ ነው። ከላይ ባየነው ስሌት መስከረም ላይ ሩብ ሄክታር የሚሆን አረም አምስት ስድስት ሰው በጥቂት ቀን አንሥቶ ከሙላቱ በላይ ሊያደርቀው ይችላል፤ ሳይነካ ቢቆይ ታኅሣሥ ላይ 16 ሄክታር ሆኖ፣ አብቦና ዘሩን ጭቃ ውስጥ ጥሎ ይጠብቃቸዋል። የዘመቻው ችግር የሰዎቹ ትጋት ማነስ አልነበረም፤ ጥሪው የሚደርሳቸው ሁልጊዜ ከአበባው በኋላ መሆኑ ነው።

አረሙን ወደ ሀብት እንለውጠው የሚለው ሐሳብም በዚህ ዘመን ብዙ ደጋፊ አግኝቷል። ኮምፖስት፣ ባዮጋዝ፣ የእጅ ሥራ መሥራት ይቻላል፤ የተነቀለውን ለጥቅም ማዋልም ከመጣል ይሻላል። ግን ከክብደቱ ከ90 በመቶ በላይ ውሃ ነው፤ 100 ኩንታል እርጥብ አረም ተሸክሞ የወጣ ሰው ሲደርቅ 10 ኩንታል የማይሞላ ይተርፈዋል። በዚህ ዋጋ የሚቆም ንግድ ሐይቅ አያጸዳም። ቢያዋጣ እንኳ ሌላ አደጋ ያስከትላል፤ ኑሮው በአረሙ ላይ የቆመ ሰው አረሙ እንዲጠፋ አይፈልግም።

ከ2020 ወዲህ፦ ነቀዙ፣ ጦርነቱና ሌሎቹ ሐይቆች

የወንጂ ተመራማሪዎች ኒዮቼቲናን ከኡጋንዳ አምጥተው በተከለለ ቦታ አርብተው አጥንተዋል። ኢትዮጵያ ለቅንጨ አረምም በ2016 የሚበላውን ጥንዚዛ ወለንጪቲ አካባቢ ለቃለች፤ ስለዚህ ነፍሳትን ፈትኖ የመልቀቅ ሕጋዊና ሙያዊ ልምዱ አለን። ለጣና ሲሆን ሁለት ተቃውሞዎች ይነሣሉ። የመጀመሪያው ስጋት ነው፤ ከውጭ በመጣ ተክል ስንቸገር ከውጭ የመጣ ነፍሳት እንጨምር ወይ፣ እምቦጩን ሲጨርስ ወደ ሩዛችን ቢዞርስ? ጥያቄው ተገቢ ነው፤ መልሱም በልምድ የቆመ ነው። ነቀዞቹ ከ1972 ጀምሮ በብዙ አገሮች ተለቀው፣ ቪክቶሪያ ዳርቻ ላይ ሩዝ በሚዘራበት አካባቢ ጭምር ኖረው፣ ሰብል የሚበሉ ተባዮች አልሆኑም፤ ትላቸው የሚያድገው እምቦጭ ውስጥ ነውና ምግባቸው ሲያንስ ቁጥራቸው ይቀንሳል።

ሁለተኛው ተቃውሞ ከዚያ ይከብዳል። ጣና 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ነው፤ ሌሊቱ ይቀዘቅዛል፣ ነቀዙም በብርድ በዝግታ ይራባል፤ ውሃው ደግሞ ምግብ የበዛበት ስለሆነ አረሙ ሊቀድመው ይችላል። ይህ እውነት ነው። ሆኖም ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ሃርትቢስፖርት የተባለው ግድብ ክረምቱ ብርዳም፣ ውሃው በከተማ ፍሳሽ የጠገበ ነው። የሮድስ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ሜጋሜለስ የተባለች ሌላ ትንሽ ነፍሳት በየዓመቱ ደጋግመው በብዛት እየለቀቁ አረሙን በሰፊው መቀነስ ችለዋል። አንዴ ለቆ መተው በማይበቃበት ቦታ ደጋግሞ መልቀቅ እንደሚሠራ ከዚህ ይታያል። ዳርቻው ላይ እያረቡ ለመልቀቅ ውድ ማሽን አያስፈልግም፤ የውሃ ገንዳ፣ ጥቂት ሥልጠናና የማይቋረጥ አነስተኛ በጀት ይበቃል።

የማይቋረጥ የሚለው ቃል ክብደት ያገኘው ባለፉት ዓመታት ነው። የ2013 ዓ.ም. ዘመቻ በተከፈተ በሳምንታት ውስጥ የሰሜኑ ጦርነት ተነሣ፤ በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ደግሞ አማራ ክልል ውስጥ ሌላ ግጭት ተነሣ። ሰው ከሩቅ አሰባስቦ፣ ነዳጅ ጭኖ፣ ማሽን አንቀሳቅሶ የሚሠራ ሥራ እንዲህ ባለ ጊዜ መጀመሪያ የሚቆም ነው። ውሃ ውስጥ ያለ ነቀዝ ግን መንገድ ቢዘጋም ይበላል፤ በገዛ ቀበሌው ዳርቻ መስከረም ላይ የሚዞር ገበሬም ከሩቅ ትእዛዝ አይጠብቅም። በዚህ መሐል አረሙ በስምጥ ሸለቆ ወደ ደምበልና ወደ አባያ ደርሷል። አረሙ ገና ያልደረሰባቸው ሐይቆች ዛሬ ያሉበት ሁኔታ ጣና ከ2004 ዓ.ም. በፊት ከነበረበት ጋር ይቀራረባል፤ አጥማጆቹ ያበጠውን አገዳ እንዲያውቁት፣ ካዩም ለማን እንደሚናገሩ እንዲነገራቸው የሚያስፈልገው ወጪ ከአንድ ማጨጃ ማሽን ዋጋ ጋር የሚነጻጸር አይደለም።

ጣና ላይ የሚቀረው ሥራ ረጅም ነው። በ2004 ዓ.ም. መገጭ መግቢያ ላይ የወደቀ ዘር እስከ 2024 ዓ.ም. ድረስ ሊበቅል ይችላል፤ ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ የወደቀው ደግሞ ይህንኑ ቀን እየገፋ ይሄዳል። ስለዚህ ሐይቁ ከአረም የጸዳ መስሎ በሚታይበት ዓመትም ቢሆን ውሃው ከባሕር ሸሹ በሚመለስበት ወቅት በመገጭ፣ በርብና በጉማራ መግቢያዎች ጭቃ ላይ የሚበቅሉትን ችግኞች እየዞሩ መልቀም ያስፈልጋል፤ የጎንደር ፍሳሽ ሳይጣራ እስከወረደና የዳርቻው ደንገል እስካልተመለሰ ድረስ ደግሞ የሚለቀመው ችግኝ ከዓመት ዓመት አይቀንስም።